ማን አየው? መቼ? የት ቆሞ?

ጥር 14፣ ቅዳሜ፣ ጠዋት 2፡00

ደሞ ሱብሂ አመለጠኝ። አዛን ሰምቻለሁ፣ ወላሂ ሰምቻለሁ። ግን እጄ ቀድሞ ትራስ ስር ገባ። አንዲት ቪዲዮ ብቻ ብዬ ነበር። ቀና ስል ጸሐይ ቆርቆሮው ላይ ወጥታለች፣ እናቴ በር ላይ ቆማ በኦሮምኛ ትቆጣኛለች። ስትናደድ አማርኛው ይጠፋባታል።

ስማ ደብተር። አንተን የሰጠችኝ እህቴ ሀያት ናት። ስምንተኛ ክፍል ናት፣ አፏ ግን ዳኛ ነው። ከፊትህ የሷ ሒሳብ አለ፣ እኔ ከኋላህ ነው የምጽፈው። ስልክህን በከፈትክ ቁጥር አንድ ሰረዝ አስምር አለችኝ። የማልችል መስሏት! ትናንት ጀመርኩ። ዙሁር ሳይደርስ ገጹ ሞላ። እሷ ሳቀች። እኔ ተናደድኩ። ሰረዝ የሕፃን ስራ ነው ብዬ ዛሬ መጻፍ ጀመርኩ። ከአምስተኛ ነው ያቋረጥኩት፣ ቢሆንም የእጅ ጽሑፌን እያት፣ የፍርድ ቤት ጸሐፊ ናት።

ማነህ ካልከኝ ጀማል ነኛ! የከሚሴ ከብት ደላላ። በሬ ከሩቅ አይቼ ጥርሱን እነግርሃለሁ። ገዢና ሻጭ ተኳርፈው ሊሄዱ ሲሉ መሀል ገብቼ እጅ ለእጅ አጨባብጣለሁ። ያስተማረኝ አጎቴ አያ ይማም ነው (ከዚህ በኋላ አ/ይ እለዋለሁ፣ እጄ እንዳይደክም)። እሱ ስልክ የለውም። እኔ ግን ታች ስልክ አለኝ፣ ሦስት ግሩፕ አለኝ። ሰው ገና ሳያስነጥስ የርሀሙከላህ የምል ሰው ነኝ። ለዚህ ነው ስሜ ሬድዮ የሆነው። ገበያ ስገባ ሰላምታው ራሱ ሬድዮ ዛሬ ምን አለ ነው። ደስ ይለኛል። ምን እደብቅሃለሁ።

ይቺን ስጽፍ ሁለቴ ከፈትኩት።


ጥር 16፣ ሰኞ፣ ከሰዓት 9፡00፣ ባቲ

ሻይ ቤት። ገበያው እየተበተነ ነው። በሬዎቹን አ/ይ ሸጦ ጨርሷቸዋል። እኔ አውርቼ አውርቼ ድምጼ ጠፋ።

ሁመድ መጥቶ ነበር። ሁመድ አፋር ነው፣ የአ/ይ የድሮ ደንበኛ፣ ረጅም፣ ሽበታም፣ አማርኛውን አሳምሮ ይችላል። በየበጋው ቆላው ሲደርቅ ከዘመዶቹ ጋር ከብትና ግመል እየነዳ ጨፋ ይወጣል። እዛ ሳር አለ፣ የቦርከና ውሃ አለ።

አፋር ሲያገኝህ ዝም ብሎ አያልፍህም። ዳጉ ይልሃል። ቁጢጥ ብለህ ያየኸውን ትነግረዋለህ፣ ያየውን ይነግርሃል። ዝናብ የት ጣለ፣ ማን ሞተ፣ የቱ ጉድጓድ ደረቀ። ከዛ ለሚቀጥለው ሰው በስምህ ያቀብለዋል፣ እገሌ እንዲህ አለ እያለ። በእግሩ የሚሄድ ሬድዮ ነው እያልኩ ስቄበት አውቃለሁ።

እሱ ጀመረ። ቀስ ብሎ። የወንድሙ ልጅ ወለደች። አንድ በግ ጅብ በላው። ዘመዶቹ መንጋውን ይዘው ወደ ጨፋ እየመጡ ነው፣ ሁለት ቀን ይቀራቸዋል። አቦ ሲዘገይ! እኔ ትናንት ግሩፕ ላይ ያየሁትን ይዤ ምላሴን ይበላኛል። ጨፋ ተዘጋ፣ የከብት በሽታ ገባ ይላል። ፎቶ አለው፦ የተዘረሩ ላሞች፣ መንገድ ላይ ገመድ፣ ነጭ የለበሱ ሰዎች። ነገርኩት።

አልደነገጠም። ጠየቀ። ማን አየው? እኔ። መቼ? ትናንት። የት ቆመህ?

ስልክ ላይ ብለው ይስቅብኛል። ባለፈው እንደዛ ብዬው ሰው ፊት ስቆብኛል። ጨፋ፣ የቦርከና ድልድይ ጋ ቆሜ፣ በነዚህ አይኖቼ አልኩት።

ሻዩን እንኳን ሳይጨርስ ተነሳ።

ምን ችግር አለው? እኔ ባልቆምም ፎቶውን ያነሳው ሰውዬ ቆሟል።


ጥር 18፣ ረቡዕ፣ ከሰዓት 10፡00

ላይኩ ዘነበ! ጨፋ ተዘጋ የሚለውን እኔም ለቅቄው ነበር። ሰው ሁሉ ሬድዮ፣ ሬድዮ። ምሳ ሳልበላ ጠገብኩ።

ከድር ሱቅ ሄጄ አሳየሁት። ከድር ስልክ ጠጋኝ ነው፣ ከትምህርት ቤት አብረን ነው የጠፋነው። ከድር ፎቶ እንደኔ አያይም። በሁለት ጣቱ ይለጥጠዋል። ለጠጠው። ከላሞቹ ኋላ መኪና ቆሟል። ታርጋው የኛ አይደለም። ቤቱም የኛ አገር ቤት አይደለም። ይሄን ፎቶ አምናም አይቼዋለሁ አለ፣ ያኔ ሌላ ወሬ ለጥፈውበት ነበር።

ተቆጣሁ። ሁሉ ሰው ሼር አርጎታል እኮ አልኩት። ሁሉ ሰው ጨፋ ሄዷል እንዴ? አለኝ።

ዝም እላለሁ። ነገ ይረሳል። ግሩፕ ላይ የማይረሳ ምን አለ።

ሁመድን ለምን እንዳስታወስኩት አላውቅም።


ጥር 20፣ አርብ፣ ከሰዓት 9፡30

ጁምዓ ወጥተን ጫማዬን ስፈልግ አ/ይ ክንዴን ያዘ። ና ወዲህ።

ለጊደር ጨፋ ሮቢት ሄዶ ነበር፣ ረቡዕ። ሳሩ ጉልበት ይደርሳል፣ ከብቱ ይግጣል፣ ገመድ የለ፣ በሽታ የለ። ግን እነ ሁመድ በየአመቱ የሚሰፍሩበት ቦታ ባዶ ነው። አንድ አፋር ሽማግሌን ጠየቀ። ጨፋ ተዘግቷል ብሎ ሁመድ ለዘመዶቹ ልኮ፣ መንጋው መንገድ ቀይሯል አለው። ሽማግሌው ራሱ ከመንጋው ቀድሞ የመጣ ሰው ስለሆነ፣ ሳሩን ሲያይ ግራ ገብቶታል። ለሁመድ ማን ነገረው? ድልድዩ ጋ ቆሞ ያየ ሰው። ስሙ ጀማል።

በስሜ! እኔ ከሚሴ ተኝቼ ስሜ ቆላ ወርዷል።

አልጮኸብኝም። ቢጮህ ይሻለኝ ነበር። ቦታውን ረግጠኸዋል? አይ። የረገጠ ሰው ነገረህ? አይ። ታዲያ? ስልኩን አወጣሁ። መነጽሩን በጋቢው ጠርጎ አደረገ። አየ። ሻኛቸው የታለ? አለኝ።

አየሁ። ላሞቹ ሻኛ የላቸውም። ጀርባቸው እንደ ጠረጴዛ ነው። የፈረንጅ ላም! ጨፋ ውስጥ የፈረንጅ ላም! አ/ይ ስልኩን መለሰልኝና፣ አንተ ደላላ ነህ? አለ። ወላሂ ከሁሉ ይቺ ወጋችኝ። ገበያ ላይ ሻኛ የሌለው ላም ቢያመጡልኝ አገሩን በሳቅ አፈርሰው ነበር። ስልክ ላይ ሲሆን አላየሁትም። ለአምስት ቀን ሙሉ እያየሁት አላየሁትም።

ነገሩ ይሄ ነው፦ መንጋው የዞረበት በኩል አንድ ጉድጓድ ነው ያለው። ለዛ ሁሉ ከብት አይበቃም ይላል አ/ይ። ሁመድ ደሞ ውሸት አቀበለ ከተባለ ቃሉ ይወድቃል። እዛ ቃሉ የወደቀ ሰው ሲናገር ሰው ፊቱን ያዞራል።

ግሩፕ ላይ ማስተካከያ ልጻፍ አልኩ። አትሳቅ ደብተር። የምሬን ነው። አ/ይ ሳቀ፣ ደስ የማይል ሳቅ። ጻፍ፣ ግመሎቹ አንብበው ይመለሳሉ አለ።

እዛ ኔትወርክ የለም። ሁመድ ስልክ የለውም። በእግር የሄደ በእግር ነው የሚመለሰው፣ የሄደውም ባንተ ስም ነው፣ ነገ ትሄዳለህ አለኝ። ቶሌ፣ እሺ፣ አልኩ። ሌላ ምን እላለሁ።

ፈርቻለሁ። ለሰው እንዳትናገር።


ጥር 21፣ ቅዳሜ፣ ጠዋት 3፡00

ከኮምቦልቻ ባቲ፣ ሚኒባስ ውስጥ። ጽሑፌ ቢንቀጠቀጥ መንገዱ ነው።

ስልኩን ቤት ትቼዋለሁ። ማለቴ ሀያት ነጠቀችኝ፤ ይሄ ይዞህ ሄዶ ደሞ ሌላ ጉድ ያስወራሃል አለች። ከከሚሴ እስከዚህ ኪሴን ስንቴ እንደነካሁ አላህ ይቁጠረው። ከጎኔ ያሉት እናት የተሰረቅኩ መስሏቸው አብሽር ልጄ አሉኝ።

የምለውን እየተለማመድኩ ነው። ሁመድ፣ ተሳስቼ ነው። አይ። ሁመድ፣ አሳስተውኝ ነው። አይ።


ጥር 23፣ ሰኞ፣ ከሰዓት 8፡00፣ ባቲ

አገኘሁት። ትናንት። ከባቲ ቁልቁል በጭነት መኪና፣ ከዛ በእግር። እኔ! ከመናኸሪያ ገበያ ድረስ ባጃጅ የምይዝ ሰው! ጫማዬ አፉን ከፈተ።

መንገድ ላይ ያገኘኝ ሁሉ ቁጢጥ ይላል። ዳጉ። ምን አየህ? እኔ ደሞ ያለኝ ወሬ አንድ ነው፦ ጨፋ ክፍት ነው፣ አጎቴ ይማም ረቡዕ ለት ሳሩ ውስጥ ቆሞ አይቷል፣ ተዘጋ ብዬ የዋሸሁት እኔ ጀማል ነኝ። ለመጀመሪያው ሰው ፊቴን አዙሬ ነገርኩት። ለሁለተኛው ወደ መሬት እያየሁ ነገርኩት። ሦስተኛው ግመል እየነዳ ነበር፣ ለሱ ቀና ብዬ ነገርኩት። እንዲህ ያለ ዜና በሕይወቴ አውርቼ አላውቅም። ላይክ የለውም።

ሁመድ ግራር ስር ተቀምጧል። ፊቱን ሳየው ገባኝ። ባለግመሉ ቀድሞኛል! እኔ ከመድረሴ በፊት ውሸታምነቴ ደርሷል። የሰው ልጅ በእግሩ ከኔ ታች ስልክ ይፈጥናል ብሎ ማን ያምናል።

ቢያውቅም እንደ አዲስ ጠየቀኝ። ማን አየው? ይማም። መቼ? ረቡዕ። የት ቆሞ? ሳሩ ውስጥ። ያኛውንስ ማን አየው? ማንም። የት ቆመህ ነበር? አልጋ ላይ ተኝቼ።

በዱላው መሬቱን ጫረ። በመጨረሻ፦

«ተኝቼ አየሁ ብትለኝ ሕልም ነው ብዬ እተውልህ ነበር። ለምን ቆሜ አልክ?»

ጫማዬን አውልቄ አሸዋውን አራገፍኩ።

ከዛ ሁመድ ተነሳ። እኔን ከመስማቱ በፊት፣ ባለግመሉ እንደነገረው፣ ሁለት ሰው ወደ መንጋው ልኳል። ከብቱስ አልኩት። አላህ ያውቃል አለ። የግመል ወተት ግን ሰጠኝ። ያንን ወተት እንዴት እንደዋጥኩት እኔ ነኝ የማውቀው።


ጥር 26፣ ሐሙስ

ምንም ወሬ የለም። ስልኩ ቤት ውስጥ ሀያት ቦርሳ ውስጥ ነው። ቢኖረኝስ ምን ይለኛል? የአለም ወሬ ሁሉ አለበት፣ እኔ የምፈልጋት አንዷ የለችበትም።

እናቴ ሳትጠይቀኝ ዱዓ ታደርጋለች። ሰምቻታለሁ።


ጥር 28፣ ቅዳሜ፣ ከሰዓት 11፡00

ገቡ! አልሀምዱሊላህ፣ አልሀምዱሊላህ፣ አልሀምዱሊላህ! ጨፋ ገቡ!

አ/ይና እኔ ከጠዋት ጀምረን ሳሩ ዳር ቆመን ነበር። መጀመሪያ አቧራ። ቀጥሎ ግመሎቹ፣ አንገት አንገታቸው። ከዛ ከብቱ ውሃ ሸቶት ሲሮጥ፣ መሬቱ ሲንቀጠቀጥ! ሁለት ጥጃ መንገድ ላይ ቀርቷል። አንዲት ግመል ታነክሳለች። ሌላው ተርፏል። ጉድጓዱ ጋ ሳይደርሱ ነው መልእክተኞቹ ያገኟቸው። አንድ ቀን ቢዘገይ ኖሮ አለ ሁመድ፣ አልጨረሰውም።

አላለቀስኩም። አቧራ ነው።

ሽማግሌዎቹ ዛፍ ስር ተቀመጡ። እኔ መሀል። ሁመድ ለኔ ተከራከረ። ለኔ! ዋሽቷል፣ ግን ውሸቱን በራሱ እግር ተከትሎ መጥቶ ይዞታል አለ። የዋሸ ሁሉ አይከተልም። ጫማውን እዩት አለ። ሁሉም ጫማዬን አዩ። ሳቁብኝ። በሕይወቴ ሲሳቅብኝ ደስ ያለኝ ዛሬ ብቻ ነው።

ፍርዱ፦ አንድ ፍየል አመጣለሁ፣ አብረን እንበላለን። ጥጃዎቹን ሁመድ ማረኝ። ሁለተኛው ደሞ፦ ጨፋ ላይ ዝናብ እስኪጥል ድረስ የጀማል ወሬ አይሰማም። ማንም ምን አየህ አይለኝም። እኔም አልናገርም። ስለ ከብት መነጋገር እችላለሁ፣ ዋጋ ማስማማት እችላለሁ። ዜና ግን የለም።

አ/ይ በመንገድ ላይ፣ ዝናብ እስኪጥል ልትፈነዳ ነው አለኝ። ምን አባቱ፣ እችለዋለሁ አልኩት። ውስጤ ግን ልትፈነዳ ነው ይላል።


የካቲት 3፣ ሐሙስ፣ ከሰዓት 10፡00

አልፈነዳሁም።

ስማ፣ አንድ ጉድ ልንገርህ። ፍርዱን ገበያው ሁሉ ሰምቷል። የከሚሴ ደላሎች ሳይቀሩ ያሾፉብኛል፣ ሬድዮ ባትሪ ጨረሰ ይላሉ። ያሹፉ። ግን ማንም ምን ተባለ ብሎ አይጠይቀኝም። ካልጠየቀኝ ደሞ ማወቅ የለብኝም! ጠዋት ስነሳ አንድ ነገር ደረቴ ላይ የለም። ሁሌ ይኖር ነበር። እኔ ሳልነሳ የሆነ ነገር ሆኖ፣ ሌላ ሰው ቀድሞኝ አውርቶት ይሆን የሚል ነገር። ስንት አመት ጆንያ ተሸክሜ ነው የኖርኩት? ማን አሸከመኝ? ራሴ።

ሱብሂ ሰገድኩ። በጊዜው። እናቴ በኦሮምኛ መረቀችኝ። ለካ ስትደሰትም አማርኛው ይጠፋባታል።

ሀያት ስልኩን መለሰችልኝ፣ ግን በሕግ። አጠገቤ ተቀምጣ ግሩፖቹን አንድ በአንድ ከፈትን። እያንዳንዱን እንደ ሁመድ ጠየቅነው። ማን አየው? መቼ? የት ቆሞ? ብታይ! አንዱም አይመልስም። ይህን ሼር ያላደረገ ይላል፣ ሰበር ይላል፣ ጉድ ነው ይላል። የት ቆመህ ሲሉት ዝም። ከሁለቱ ግሩፕ ወጣሁ። ሦስተኛው የኛ ደላሎች ነው፣ እነሱ ቢያንስ ቢዋሹ የት እንደማገኛቸው አውቃለሁ፣ ተውኩት። ጩኸቱን ግን ዘጋሁት። የጠብ ቪዲዮ የሚለቁትን ሁሉ አጠፋሁ። ሳጠፋቸው አንዳንዱን ለመጨረሻ ጊዜ አየሁት፣ አልዋሽህም።

አንዷ ሕግ የኔ ፈጠራ ናት፣ በሷ እኮራለሁ። ስልክ ከአስር ሶላት በኋላ፣ ቆሜ ብቻ ነው የማየው። ተኝቶ የለም። ተቀምጦ የለም። የዋሸሁት ተኝቼ ነው፣ በቃ እግሬ ይመስክር። በሩ ጋ ያለው ምሰሶ ስር ቆሜ አያለሁ፣ እግሬ ሲደክመው እዘጋለሁ። እግሬ ቶሎ ነው የሚደክመው! የከሚሴ ሰው ሲያልፍ አውቶቡስ የምጠብቅ ይመስለዋል።


የካቲት 9፣ ረቡዕ

ወደቅኩ።

ከድር ሱቅ። ቆሜ ነበር፣ በአላህ ቆሜ ነበር። አንድ ሰው ስልክ ላይ ጠብ እያየ ነው፣ አጮለቅኩ። ከዛ ግድግዳ ተደገፍኩ። መደገፍ መቆም ነው አልኩ። ከዛ ቁጢጥ አልኩ። አፋርም ቁጢጥ ይላል አልኩ። ከዛ ሳጥን ላይ ተቀምጫለሁ። ቀና ስል አስር ተሰግዷል። ከሐርቡ በሬ ሊገዛ የቀጠረኝ ሰውዬ ጠብቆ ጠብቆ በሌላ ደላላ ገዝቷል።

የማን ጠብ ነበር? አላውቀውም! የት አገር? አላውቅም!

በራሴ አፈርኩ። ለሀያት ነገርኳት። ትሰድበኛለች ብዬ ነበር፣ አንተ እኮ ለፍየሉ ፍርድ ታዛዥ ነህ፣ ለራስህ ፍርድ ነው እንቢ የምትለው አለች። ከየት ነው የምታመጣው እቺ ልጅ?

ነገ ሲሙን ባለባትሪ ተራ ስልክ ላይ አስገባዋለሁ። ድምጽ ብቻ። ታቿ ከሀያት ቦርሳ ከአስር በኋላ ብቻ ትወጣለች።


የካቲት 21፣ ሰኞ፣ ከሰዓት 9፡00፣ ባቲ

ዛሬ ማን እንደሆንኩ አሳየኋቸው!

አንድ ሻጭ ቀይ በሬ አመጣ፣ የሚያምር፣ ሁሉ ሰው ከቦታል። ድሮ ቢሆን አንድ አይኔ በሬው ላይ፣ አንድ አይኔ ኪሴ ውስጥ ነበር። ዛሬ ሁለቱም በሬው ላይ። አየሁ፣ አየሁ። ቆሞ ያምራል። ንዳው አልኩት ሰውዬውን። አይ፣ ደክሞታል አለ። ንዳው! ነዳው። ኋላ ግራ እግሩን ስንዝር ታህል አሳጥሮ ነው የሚረግጠው። ሲያርሱበት ተጎድቶ ነው። ገዢዬ አቀፈኝ። አ/ይ ምንም አላለም፣ ጢሙን ግን ነካ። አ/ይ ጢሙን ከነካ ምርቃት ነው።

ለሁመድ ልነግረው አልቻልኩም። ገና ፍርድ ላይ ነኝ። ባጠገቤ አለፈ፣ ሰላም አለኝ፣ ምን አየህ አላለኝም። ትንሽ አመመኝ። ሰማዩን አየሁ። ባዶ።


የካቲት 29፣ ማክሰኞ፣ ከሰዓት

ከድርም ቆሞ ማየት ጀምሯል። በኔ ለማሾፍ ነበር የጀመረው። አሁን ወገቤን ይለኛል፣ ቶሎ ይዘጋል፣ ስራ ይሰራል። ደንበኞቹ ምን ነካው ይላሉ። የጀማል መድኃኒት ነው በላቸው አልኩት።

ከተማው ውስጥ አንድ ወሬ ይናፈሳል። ሰው ሁሉ ስልኩ ላይ ጎንበስ ብሏል። ምን እንደሆነ አላወቅኩም። አላወቅኩም! ራቴን በላሁ፣ ጣፈጠኝ። እንዲህ ጣፍጦኝ አያውቅም። ሹሮ ነው እኮ።


መጋቢት 10፣ ቅዳሜ፣ ማታ 3፡00

ጣለ!

ጨፋ ነበርኩ፣ ለፍየል። መጀመሪያ ንፋስ፣ ከዛ ያ ሽታ። ጠብ፣ ጠብ፣ ከዛ ዱብ ዱብ። ሰው ሁሉ ዛፍ ስር ሲሮጥ እኔ መሀል ሜዳ ቆምኩ። ይርጠብ። ይበስብስ። ዘነበብኝ ብሎ የሚጨፍር ደላላ አይተው አያውቁም።

ሲያባራ ሁመድ መጣ። ከሩቅ አየሁት። ዱላው ትከሻው ላይ፣ ሽርጡ ረጥቦ። ቀጥታ ወደኔ። ሰላም አለኝ። ከዛ፣ ደብተር፣ ቁጢጥ አለ።

«እሺ ጀማል። ምን አየህ?»

ስድስት ሳምንት ያጠራቀምኩት ወሬ አለኝ ብዬ ነበር። አፌን ስከፍት ያለኝ ይሄ ብቻ ነው፦ ትናንት ከሰዓት ድልድዩ ጋ ቆሜ ሳይ ቦርከና ከጉልበት በታች ነበር። ዛሬ ጠዋት እዛ ማዶ ሳሩ ስር አዲስ ለምለም አየሁ። የምታነክሰው ግመልህ ቅድም ውሃ ስትጠጣ አራቱንም እግሯን ረግጣለች። አለቀ። ሦስት ነገር። ድሮ ሦስት ነገር ለማስነጠስም አይበቃኝም ነበር።

እያንዳንዱን ጠየቀኝ። ማን፣ መቼ፣ የት። እያንዳንዱን መለስኩ። ሳልፈራ! ሲጠይቅህ የማትፈራው ጥያቄ እንዴት ደስ ይላል።

ከዛ፣ ከተማ ውስጥ አንድ ነገር ይወራል አሉ፣ እውነት ነው? አለኝ። ያ ወሬ ነው፣ ሰው ሁሉ ጎንበስ ብሎ የሚያየው። ሬድዮው ውስጤ ተንፈራገጠ። ግማሹን ከከድር ሰምቻለሁ፣ ግማሹን ልሞላው እችላለሁ።

አላየሁም አልኩት።

አየኝ። ፈገግ አለ፣ ጥርሱን ሳያሳይ። ቆሞ ሄደ። ሜዳው መሀል ሌላ አፋር አገኘውና ቁጢጥ አሉ። ርቀት ነበር፣ ግን ስሜን ሰማሁ። ጀማል አለ፣ ወደ ግመሏ በዱላው እያሳየ።

ስሜ ዛሬ ወደ ቆላ እየወረደ ነው። እንቅልፍ አይወስደኝም ብዬ ነበር። አሁኑኑ እያዛጋሁ ነው።


መጋቢት 11፣ እሁድ፣ ጠዋት 2፡30

ሱብሂ ሰገድኩ። እስኪነጋ ደጋው ላይ ሰማዩ ሲያጉረመርም ነበር፣ እዚህ ግን ካፊያ ብቻ።

ታቿን ለመሸጥ አስቤ ነበር። ተውኩት። ስልኩ ምን አጠፋ? የተኛሁት እኔ ነኝ። ከአስር በኋላ፣ ምሰሶው ስር፣ ቆሜ። እድሜ ልኬን። ይህን እዚህ ጻፍኩት፣ ሀያትም አይታ ፈርማበታለች፣ እያት ፊርማዋን፣ ከኔ እጅ ጽሑፍ አትበልጥም

ከድር በሩን እየደበደበ ነው። ቦርከና ሞልቶ ሜዳው ላይ ወጣ፣ ግሩፑ ሁሉ እሱን ነው የሚያወራው ይላል። እነ ሁመድ ታች ሜዳው ላይ ናቸው! አየኸው? አልኩት። ሰማሁ አለ። ማን አየው? አላውቅም አለ። ለሁሉም ላክላቸው እንጂ ይለኛል ስልኩን እየዘረጋ

እኔ ድልድዩ ጋ ሄጄ ቆሜ ሳላይ አንድ ቃል አይወጣኝም። ከድር ባጃጅ ያዝ። ሀያት፣ ጫማዬን